ኢዛና፦ ከሳንቲሙ እስከ መቃብሩ

ባለፈው ቅዳሜ ከአጎቴ ጋር ሐዋሳ መሃል ከተማ ወዳለ አንድ የእብነ በረድ ቤት ጎራ ብለን ነበር። አያቴ ካረፈች ዓመት ሊሆናት ነው። ለሙት ዓመቷ ሐውልት ይሠራላት ወይስ አይሠራላት የሚለው ነገር ቤተሰቡን ለሁለት ከፍሎታል። አጎቴ ሐውልት የሌለው መቃብር ጥቂት ዓመት ሳይቆይ ይጠፋል ባይ ነው። አክስቴ ደግሞ ለድንጋይ የሚወጣው ብር ነዳያን ቢበሉበት ለነፍሷ ይሻላል ትላለች። እኔ የሄድኩት ኢኮኖሚክስ የተማረ ሰው ሒሳቡን ይይልን ተብሎ ነው።

ባለሙያው ስልኩን አውጥቶ እስካሁን የሠራቸውን ሐውልቶች ፎቶ እየገፋ አሳየን። የተከፈተ መጽሐፍ የሚመስል አለ፤ ባለ ፎቶ አለ፤ መልአክ የተቀረፀበት አለ። አንዱ ላይ ሲደርስ ቆም አለና ሰው የሚወደው ይሄንን እንደሆነ ነገረን። የአክሱም ሐውልት ቅርጽ ነው። በሩም መስኮቱም አለው፤ አናቱ ላይ መስቀል ቆሞበታል። የአጎቴ ዓይን በራ። እኔ ሳቄ መጣ፤ ዋጥኩት። ለምን እንደሳቅኩ ለማስረዳት ከ1,600 ዓመት በላይ ወደ ኋላ መሄድ ነበረብኝ፤ አጎቴ ደግሞ ያን ያህል ትዕግሥት የለውም። እናንተ ካላችሁ ልንገራችሁ።

እዚያች ፎቶ ላይ እርስ በርስ የማይተዋወቁ ሁለት ነገሮች አብረው ቆመዋል። እነዚያን ግዙፍ የአክሱም ሐውልቶች የተከሉት ሰዎች ክርስቲያኖች አልነበሩም። መስቀሉ ሲመጣ ደግሞ ሐውልት መትከሉ ቀረ። በሁለቱ መሃል የቆመው ሰው አንድ ነው፦ ንጉሥ ኢዛና።

ኢዛናን አብዛኞቻችን የምናውቀው በትምህርት ቤት የታሪክ መጽሐፍ አንድ ዓረፍተ ነገር ነው። በ4ኛው ክፍለ ዘመን ክርስትናን የተቀበለ የአክሱም ንጉሥ፤ በቃ፣ ቀጣዩ ምዕራፍ። የሰውየው ሕይወት ግን ከዚያ ዓረፍተ ነገር በጣም ይሰፋል፤ የሚጀምረውም በመርከብ ነው።

የቤተ ክርስቲያን ታሪክ ጸሐፊው ሩፊኖስ እንደሚተርከው፣ ሜሮጵዮስ የሚባል የጢሮስ ፈላስፋ ሁለት የዘመዶቹን ልጆች ይዞ በዚያን ጊዜ ሕንድ ወደሚባለው አገር ጉዞ ወጣ። ያኔ ሕንድ የሚለው ስም በጣም ሰፊ ነበር፤ ከቀይ ባሕር ወዲያ ያለውን ብዙ አገር ይጠቀልላል። ሲመለሱ ውሃና ስንቅ ሊይዙ አንድ ወደብ ቆሙ። የአካባቢው ሰዎች ከሮም ጋር የነበራቸው ስምምነት ፈርሶ ነበርና መርከቡ ላይ የነበሩትን ገደሉ። ሁለቱ ልጆች ግን ዛፍ ሥር ቁጭ ብለው ትምህርታቸውን ሲያጠኑ ተገኙ። አሳዘኗቸው መሰለኝ፣ ወደ ንጉሡ ወሰዷቸው።

አንደኛው ኤዴስዮስ ነው፤ የንጉሡ ጠጅ አሳላፊ ሆነ። ሁለተኛው ፍሬምናጦስ የንጉሡን ሒሳብና ጽሕፈት ያዘ። በዛሬ አነጋገር የፋይናንስ ኃላፊ እንደማለት ነው። (የሙያ አጋሬ ስለሆነ ትንሽ አደላለታለሁ።) ንጉሡ ሲሞት ልጁ ገና ሕፃን ነበር። ንግሥቲቱ ሁለቱን ባዕዳን ልጁ እስኪያድግ አብረዋት መንግሥቱን እንዲይዙ ለመነቻቸው። ኢዛና ያደገው እንግዲህ በእናቱና በአንድ ባዕድ ሒሳብ ያዥ እጅ ነው። ፍሬምናጦስ ሥልጣኑን ሲያገኝ በመጀመሪያ ካደረጋቸው ነገሮች አንዱ ለንግድ የሚመጡትን የሮም ክርስቲያን ነጋዴዎች ፈልጎ የሚጸልዩበት ቦታ መስጠት ነበር። አዲሱ ሃይማኖት አክሱም የገባው በጦር አይደለም። በነጋዴ ጓዝ መሃል፣ በወደብ በኩል ነው።

ልጁ ለዐቅመ ንግሥና ሲደርስ ኤዴስዮስ ወደ ጢሮስ ተመለሰ። ፍሬምናጦስ ወደ እስክንድርያ ሄዶ ለአቡነ አትናቴዎስ ጳጳስ ላክልን አለ፤ አትናቴዎስም እሱኑ ሾሞ መልሶ ላከው። እኛ አባ ሰላማ ከሣቴ ብርሃን የምንለው ይሄንኑ ሰው ነው።

አሁን ወጣቱን ንጉሥ እንየው። ኢዛና የእለ አሜዳ ልጅ እንደሆነ ራሱ በድንጋይ አስጽፏል። በመጀመሪያዎቹ ጽሑፎቹ ደግሞ ሌላም አባት አለው፤ ራሱን የማይሸነፈው የማሕረም ልጅ እያለ ይጠራል። ማሕረም የአክሱም ነገሥታት የጦርነት አምላክ ነው፤ በግሪክኛው ጽሑፍ አሬስ ተብሎ ተተርጉሟል። ጽሑፉ የቆመው በሦስት መልክ ነው፦ በግሪክኛ፣ በግዕዝ፣ ደግሞም በደቡብ ዐረብ ፊደል። አንዱን ቅጂ ገበሬዎች ናቸው ያገኙት፤ ዛሬ አክሱም ውስጥ በትንሽ ቤት ተከልሎ ይታያል።

ታሪኩ የቤጃ ዘመቻ ነው። ኢዛና ሳይዛናና ሐደፋ የሚባሉ ወንድሞቹን ላከ። ስድስት አለቆችንና 4,400 ሰው ማርከው አመጡ፤ ኢዛናም አልብሶና ቀልቦ ሌላ ቦታ አሰፈራቸው። ስለ ድሉ ምስጋና ለማሕረም አንድ የወርቅ፣ አንድ የብርና ሦስት የነሐስ ምስሎች አቆመ። አንዳቸውም ዛሬ የሉም። የጀርመን ተመራማሪዎች በ1906 እ.ኤ.አ. አክሱም ውስጥ የአንድ ሌላ ምስል መቆሚያ ድንጋይ አግኝተዋል፤ የእግሩ ቦታ ብቻውን 92 ሴንቲ ሜትር ይረዝማል። እግሩ እንዲህ ከሆነ ቁመቱን እናንተው ገምቱት።

ሞትስ? በኢዛና ልጅነት አክሱም ላይ ትልቅ ሰው ሲሞት የሚደረገው ነገር ይሄ ነበር፦ ከመሬት በታች በድንጋይ የተገነባ መቃብር፣ ከላይ ሐውልት። ሐውልት ስንል ዝም ብሎ የቆመ ድንጋይ አይደለም። ፎቅ ቤት ነው። ትልቁ ሐውልት 13 ፎቅ ተቀርፆበታል፤ መስኮት አለው፣ የግንድ ጫፍ የሚመስሉት የዝንጀሮ ራሶች አሉት፣ ከታች የማይከፈት በር አለው፣ በሩ ላይ መዝጊያ ቁልፍ ሳይቀር ተቀርጿል። ከአንዳንዶቹ ሥር ባለው ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ጽዋ መሳይ ጉድጓዶች አሉ፤ ለመሥዋዕት ነው።

የኢኮኖሚክስ ዓይኔ እዚህ ጋ ያሳክከኛል። ትልቁ ሐውልት 33 ሜትር ይረዝማል፤ ክብደቱ ወደ 520 ቶን ይገመታል። የተፈለጠው ከከተማው 4 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ነው። ያንን ጎትቶ ለማምጣት ስንት ሰው፣ ስንት ቀን ከእርሻ ተነስቷል? ለማን ተብሎ? ደግሞ ሳይቆም ወይም እንደቆመ ወደቀ፤ አጠገቡ ያለውን ንፋስ ማውጫ የሚባለውን መቃብር አደቀቀው። ያኔም አንድ የአክሱም አክስት ለዚህ ድንጋይ የወጣው ለድሃ ቢሰጥ ብላ ይሆን እያልኩ አስባለሁ።

ከሁሉ የሚደንቀኝ ግን ሌላ ነው። እነዚያ ግዙፍ ሐውልቶች ላይ ስም የለም። ዘመቻውን፣ ምርኮውን፣ ከብቱን ሁሉ ቆጥሮ የሚያስጽፍ ሕዝብ መቃብሩ ላይ ማን እንደተኛ አንድ ፊደል አላስቀረፀም። ዛሬ በግምት 23 ሜትር የሚሆነውንና ዘንበል ብሎ የቆመውን የኢዛና ሐውልት ነው እንላለን። ስሙን የሰጠነው እኛ ነን።

ከዚያ ሳንቲሙ መጣ። አክሱም ገንዘብ ማተም የጀመረችው ከኢዛና በፊት፣ በ3ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ገደማ በንጉሥ እንዱቢስ ነው። ወርቅ፣ ብር፣ መዳብ። የንጉሡ ፊት በሁለት የእህል ዛላ መሃል ይቀመጣል፤ ከራሱ በላይ ግማሽ ጨረቃና ክብ ምልክት አለ፤ የድሮው እምነት ምልክት ነው። ኢዛናም ንግሥናውን የጀመረው በጨረቃዋ ነው። በኋላ ያሳተማቸው ላይ ጨረቃዋ ወርዳ በቦታዋ መስቀል ተቀመጠ።

ይሄን ቀላል ነገር አታድርጉት። በዚያ ዘመን ከንጉሡ ወደ ሕዝቡና ወደ ውጭ ነጋዴው በየቀኑ የሚደርስ ምን ነበር? ድንጋይ ላይ የተጻፈውን የሚያነበው ጥቂት ሰው ነው፤ ደግሞ አክሱም ድረስ መምጣት አለበት። ሳንቲም ግን ኪስ ለኪስ ይዞራል፣ ባሕር ይሻገራል። የወርቁ ጽሑፍ በግሪክኛ የሆነውም ለዚህ ነው፤ የዓለም ንግድ ቋንቋ ያ ነበር። ኢዛና የፕሮፋይል ፎቶውን ቀየረ ብል ብዙ አላጋነንኩም።

ታዲያ ነገሩ ለንግድ ሲባል ነበር? ዩኒቨርሲቲ እያለሁ ይሄን ብጠየቅ አዎ ብዬ እከራከር ነበር። ቆስጠንጢኖስ ሮምን ወደ ክርስትና አዙሯል፤ የቀይ ባሕር ዋና ደንበኛ ሮም ናት፤ ደንበኛህን ምሰል፤ አለቀ። አሁን ግን አንድ ደብዳቤ ሐሳቤን አስቀይሮኛል። በ356 እ.ኤ.አ. ገደማ የቆስጠንጢኖስ ልጅ ንጉሠ ነገሥት ቆስጠንጢዮስ ለኢዛናና ለወንድሙ ለሳይዛና ጻፈላቸው። የአርዮስን ወገን ይደግፍ ነበርና፣ በአትናቴዎስ የተሾመው ፍሬምናጦስ ወደ እስክንድርያ ተመልሶ በአዲሱ ጳጳስ እንዲመረመር ላኩልኝ አለ። ትልቁ ደንበኛ ነው የጠየቀው። ሃይማኖቱ የገበያ ጉዳይ ብቻ ቢሆን ኖሮ ርካሹ መልስ እሺ ማለት ነበር። ፍሬምናጦስ ግን የአክሱም ጳጳስ ሆኖ ቀረ። ኢዛና ያሳደገውን ሰው አልሸጠም።

ይሄን ስል ቅዱስ ላደርገው ፈልጌ አይደለም። የኋላውን ጽሑፉን ያነበበ ሰው መሃል ላይ ይደነቃቀፋል። ማሕረም ከድንጋዩ ላይ ጠፍቷል፤ በቦታው የሰማይ ጌታ ገብቷል። ቆይቶ የተገኘ አንድ የግሪክኛ ጽሑፍ ደግሞ አብ፣ ወልድ፣ መንፈስ ቅዱስን በግልጽ ይጠራል። አቆጣጠሩ ግን ያው ነው። በኖባ ዘመቻ ሴትና ሕፃን ጨምሮ 758 ተገደሉ፣ 629 ተማረኩ፣ ከብቱ ይሄን ያህል፣ በጉ ይሄን ያህል። ጭራሽ ሠራዊቱ የኖባን ቤተ ጣዖት ምስሎች እንደሰባበረ ያስጽፋል። ለማሕረም አምስት ምስል ያቆመ ሰው የሌላውን ምስል ሰባብሮ ወንዝ ዳር ቆመ።

እዚህ ጋ ሁልጊዜ የሚመጣብኝ የሕንዱ አሾካ ነው። ከኢዛና ስድስት መቶ ዓመት ያህል ይቀድማል። እሱም ጦረኛ ንጉሥ ነበር፤ እሱም ሃይማኖት ቀይሮ ቡድሃን ተከተለ፤ እሱም ድንጋይ ላይ ጻፈ፤ ግዙፍ ዓምዶችም ተከለ። ካሊንጋ የሚባለውን አገር ሲወጋ 100,000 ሰው እንደተገደለ ራሱ አስቀርጿል፤ ልዩነቱ መጸጸቱንም አብሮ ማስቀረፁ ነው። ከዚያ የቡድሃን አጽም ከፋፍሎ በብዙ ስቱፓዎች ውስጥ እንዳስቀመጠ በቡድሃ እምነት ትውፊት ይተረካል። ስቱፓ ማለት ከመቃብር ጉብታ የተነሳ የጸሎት ሕንፃ ነው፤ ምእመኑ ዙሪያውን እየዞረ ይጸልያል። የአሾካ አያት ቻንድራጉፕታ ደግሞ በጄይኖች ትውፊት ዙፋኑን ትቶ፣ በጾም ራሱን አድክሞ በሽራቫናቤላጎላ ኮረብታ ነው ያለፈው። በአንድ ቤተሰብ ውስጥ አያት በጾም ሞተ፣ የልጅ ልጅ የሙት አጽም ላይ ሕንፃ ሠራ። ሁለቱም ሞትን ከጦርነት ድል አላቀቁት። ኢዛና ድንጋዩ ላይ ያንን አላደረገም። የገደለውን በአዲሱ አምላክ ስም ቆጠረ። ይሄ ይከብደኛል፤ ግን የሰውየው አካል ነው።

ሕንድን ከሩቅ ያመጣሁት እንዳይመስላችሁ። በደብረ ዳሞ ገዳም በ1940 እ.ኤ.አ. ከመቶ በላይ የኩሻን የወርቅ ሳንቲሞች ተገኝተዋል። ኩሻኖች ሰሜን ሕንድንና የዛሬውን አፍጋኒስታን የገዙ ነገሥታት ናቸው፤ ሳንቲሞቹ ከኢዛና ቢያንስ መቶ ዓመት ይቀድማሉ። ከነገሥታቱ አንዱ ካኒሽካ ለሁሉም ገበያ የሚሆን ሰው ነበር፤ በተለያዩ ሳንቲሞቹ ላይ የግሪክ፣ የፋርስና የሕንድ አማልክት አሉ፤ በጥቂቶቹ ላይ ቡድሃ ራሱ ቆሟል። ስለዚህ አንድ ሳንቲም አንድ አምላክ የሚለው የኢዛና ምርጫ በዚያ ዘመን ብቸኛው መንገድ አልነበረም። የብዙ አማልክት ወርቅ እስከ ደጃችን ደርሶ ነበር።

ወደ መቃብሩ ልመለስ። ስለ ኢዛና አሟሟት የተቀረፀ ነገር የለም፤ ስሙ ያለበት መቃብርም አልተገኘም። ቤተ ክርስቲያን እሱንና ወንድሙን አብርሃ ወአጽብሃ ብላ ጥቅምት 4 ታስባቸዋለች። በትውፊት አጽማቸው ያረፈው ውቅሮ አጠገብ ባለው፣ በስማቸው በሚጠራው ከአለት የተፈለፈለ ቤተ ክርስቲያን ነው።

አክሱም ላይ የሆነውን ግን ድንጋዩ ራሱ ያሳያል። ሐውልቶቹ ከቆሙበት ሜዳ ዳር የሐሰት በር መቃብር የሚባል አለ፤ ተመራማሪዎች ከግዙፎቹ ሐውልቶች ትንሽ ዘግይቶ የመጣ ነው ይላሉ። ሐውልት የለውም። ያ በሐውልቱ ላይ የነበረው የማይከፈት በር ግን አለ፤ መሬት ላይ ወርዶ ሰው በሚገባበት ቁመት ቆሟል። ሁለት መቶ ዓመት ገደማ ቆይቶ በ6ኛው ክፍለ ዘመን የካሌብና የገብረ መስቀል መቃብር ሲሠራ ከምድር በታች ክፍሎች ናቸው፤ ከላያቸው ያረፈው ሕንፃ ቤተ ክርስቲያን የሚመስል ነው። ለሙታን ወደ ሰማይ የተዘረጋው ፎቅ ቤት ቀርቶ ሕያዋን የሚገቡበት ቤት መጣ።

ጠራቢዎቹስ? እነሱ ሥራ አልፈቱም። የሐውልቱ የዝንጀሮ ራስ በደብረ ዳሞ ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ እውነተኛ ግንድ ሆኖ ወጥቷል፤ የአክሱም መስኮት ላሊበላ አለት ላይ ተቀርጿል። ንጉሡ በአንድ የሳንቲም ምት የቀየረውን፣ የጠራቢው እጅ መቶዎች ዓመታት ወስዶ ቀስ እያለ ወደ አዲሱ ቤት አስገባው። እኔን የሚያስደንቀኝ ይሄኛው ነው። እምነት በአዋጅ ሊቀየር ይችላል፤ ለሞተ ሰው ምን እናድርግለት የሚለው ግን በአዋጅ አይቀየርም።

እኛስ ብንሆን? ከነዚያ ሐውልቶች አንዱን፣ 160 ቶኑን፣ ጣሊያን በ1937 እ.ኤ.አ. ሮም ወስዳ ስታቆመው ዕረፍት አልነበረንም። በ2005 እ.ኤ.አ. ተመለሰ፤ በ2008 እ.ኤ.አ. ቦታው ላይ ቆመ። ካህኑም ምእመኑም ሸይኹም በእልልታ ተቀበለው። ከክርስትናም ከእስልምናም በፊት የነበረ የመቃብር ምልክት መሆኑ ማንንም አላስጨነቀም። ከሐዋሳ ወደ ዲላ ብትወርዱም ያው ነው፤ በ2023 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት በተመዘገበው የጌዴኦ መልክዐ ምድር ውስጥ ቱቱ ፈላና ጨልባ ቱቲቲ ላይ የጥንት ትክል ድንጋዮች ከሰው ቤትና ከእንሰት ጎን ቆመዋል።

ይሄን ሁሉ ለአጎቴ አልነገርኩትም። የነገርኩት አጠር አድርጌ ነው፤ የአክሱም ሐውልት ላይ መስቀል ማቆም ኢዛናን ከራሱ ጋር ማጣላት እንደሆነ። ትክ ብሎ አየኝና እሱና ኢዛና ይታረቁ፣ አንቺን/አንተን ማን ጠራ የሚል ዓይነት ፊት አሳየኝ። ከዚያ አክስቴ ጋ ደወልን። ድምፅ ማጉያው ላይ አድርገናት፣ ባለሙያው አጠገብ፣ ግማሽ ሰዓት ያህል ተከራከሩ። በመጨረሻ እሷ ትንሽ ድንጋይ ከሆነ፣ ክርስትና ስሟ ከተጻፈበት፣ የተረፈው ብር ደግሞ ለሙት ዓመቷ ዝክር ከሆነ እሺ አለች። እሱ ደግሞ ቢያንስ ይቁም፣ አይተኛ አለ።

ባለሙያው በእርሳስ ካርቶን ላይ ነደፈው። ቁመቱ 80 ሴንቲ ሜትር፤ ከላይ መስቀል፣ ከመስቀሉ ሥር ስሟ። ፎቁና መስኮቱ ቀረ። አጎቴ ግን ጣቱን ከታች በኩል አሳርፎ በሩ ይኑር አለ፤ ትንሽ በር። ባለሙያው እንደ አክሱሙ ቁልፍ ይቀረፅበት እንደሆነ ጠየቀው። አጎቴ ጥቂት አሰበና ቁልፍ አያስፈልገውም አለ። ቀብድ ከፍለን ወጣን።